ሻምፑው ይውጣ፣ ድንጋዩ ይግባ

ዐረብ አገር፣ ራካ ሰፈር ካለ የካርጎ ሱቅ ነው ያየኋት፤ ስሟን መጠየቅ አፈርኩ። ኹሩጅ፣ የመውጫ ቪዛው፣ ተመቶላት አገሯ ልትገባ ነው። ነጠላ ጫማዋ የወንድ ነው፣ ሰፍቷታል። ካርቶኗ ስለከበደ አበሻው መዛኝ «ቀንሺ» አላት። ሻምፑውን አወጣች፣ ብርድ ልብሱንም። ከሥር ንብርብር ድንጋይ ብቅ አለ፤ በየንብርብሩ ቀንድ አውጣዎች ከነቅርፊታቸው ድንጋይ ሆነው ቀርተዋል።

«አንቺ፣ አገርሽ ድንጋይ ጠፋ?» አላት መዛኙ።

«ማዳም በረሃ ድንኳን ስታስተክል ያገኘሁት ነው። ቦታው ድሮ ሐይቅ ነበር አሉ። ልጄን ከግቢ አልወጣም ከምላት፣ ሐይቅ ዳር ነው የምኖረው ብያታለሁ። አሳዪኝ ስትለኝ ነው የከረመችው።»

«ታዲያ ውሃው የታለ?»

ድንጋዩን በቀሚሷ ጠቅልላ ካርቶኑ ውስጥ መለሰችው።

«ሐይቁማ ነበር፤ እኔ ነኝ ዘግይቼ የደረስኩት።»