ቪናው ያረፈበት ቀን

አላሜሉ ቪና የሚባለውን ባለ ክር የሙዚቃ መሣሪያ መምታት የጀመረችው አባቷ ጭን ላይ ተቀምጣ ነው። ከዚያ ወዲህ በሕንዷ ከተማ በታንጃቩር ስንቱን ልጅ አስተምራ፣ ስንቱን ሠርግ አድምቃ ሸበተች። ስትመታ ዐይኗን ጭፍን አድርጋ ነው፤ ጧትም ክሩን ሳትነካ ውሃ አትቀምስም።

ዘንድሮ ግን የግራ እጇ ሌባ ጣት ይደነዝዝ ጀመር። ለማንም ትንፍሽ አላለችም። በየማለዳው ክሩን ትጫነዋለች፤ ጣቷ ሲሰማው እፎይ ትላለች።

የሙዚቃና የዕውቀት እንስት አምላክ የሳራስዋቲ በዓል ደረሰ። በዚያን ቀን የሙዚቃ መሣሪያ ሁሉ በሳራስዋቲ ምስል ፊት አበባ ለብሶ ይውላል፤ እስከ ማግስቱ ጧት የነካው ወዮለት! አላሜሉ ቁጭ ብድግ ስትል ዋለች። ጣቷን አንዴ በሳሪዋ ጠርዝ ታሻለች፣ አንዴ የጋለ ድስት ታስነካዋለች።

«እማ፣ ምን ሆነሻል? ምጥ የያዛት ሴት መሰልሽ እኮ!» አለች ልጇ ቫሳንታ።

«አርፈሽ አበባሽን ደርድሪ!»

በማግስቱ ተማሪውም ጎረቤቱም ቤቱን ሞላው። አላሜሉ አበባውን አንሥታ ቪናውን ታቀፈች። ድምፁ እንደ ወትሮው ጥርት ብሎ ወጣ።

«አየሽ፣ አንድ ቀን ብታሳርፊው ጭራሽ አማረበት!» አላት ባሏ ጎፓላን። ሰውም አጨበጨበ።

ጣቷ ግን ክሩን አልሰማውም። የት እንዳረፈ በዐይኗ እየተከተለች መምታቷን ቀጠለች።

ያላጨበጨበችው ቫሳንታ ብቻ ናት። እናቷ ዐይኗን ገልጣ ስትመታ አይታ አታውቅም።