የእትዬ አልማዝ መርዶና አምስተኛው ፎቅ

ሥራ በገባሁ ቀን አለቃዬ ሲልቪያ ባጅ ሰጠችኝና «አምስተኛ ፎቅ አይከፍትልሽም፣ አትሞክሪ» አለችኝ። እኔ ደሞ ቀጥታ አምስተኛ ወጣሁ። እውነትም አልከፈተም።

ዩኒቨርሲቲ ጨርሼ ለስታጅ፣ ለሥራ ልምምድ፣ መግባቴ ነው። ጣልያን አገር ዲግሪ ያለው ሁሉ ዶቶሬ፣ ሴት ከሆነች ዶቶረሳ፣ ማለትም ዶክተር ስለሚባል፣ ሲልቪያ «ዶቶረሳ፣ ፕሪንተሩ ወረቀት ጨርሷል!» ትለኛለች።

ድርጅቱ ብዙ አገር ቅርንጫፍ ያለው ኢንሹራንስ ነው። አሠራሩን በስላይድ አሳዩን፤ ቀስት በቀስት ነው፣ ማንም አልገባውም። ባጭሩ እኛ ሁለተኛ ፎቅ የመኪና፣ የቤትና የሕይወት ኢንሹራንስ ነን፤ ሰው ሲሞት ፋይል እንከፍታለን። ፋይሉን የሚያየው ሚላኖ ያለው ቢሮ ነው። ለደንበኛ የሚደውለው ኮል ሴንተር አልባኒያ ነው። አምስተኛ ፎቅ የሀብታሞችን ገንዘብ ያስተዳድራል። ምንጣፍ አላቸው። ቡና ማሽናቸውም ቡና ይሠራል፤ የኛው ምን እንደሚሠራ እንጃ።

አንድ ሐሙስ አዲስ ፋይል ስክሪኔ ላይ መጣ። ሟቹ ቦሎኛ የሚኖር ሐበሻ ሾፌር ነው። ገንዘቡ የሚገባቸው እህቱ እትዬ አልማዝ ናቸው። የእማዬ ጓደኛ! ባዳንቴ ናቸው፤ ከሮም ወጣ ብሎ ኦስቲያ አንዲት ጣልያናዊት አሮጊት ይጠብቃሉ፣ እዚያው ያድራሉ።

የወንድማቸውን ሞት ሮም ተርሚኒ ባቡር ጣቢያ አካባቢ ያለ ሐበሻ ሁሉ ሰምቷል፣ ከሳቸው በቀር። እማዬ አስጠንቅቃኛለች፦ «እሑድ ማለዳ ሄደን እንነግራታለን። እስከዚያ ትንፍሽ እንዳትዪ!»

ፋይሉ ላይ ግን «የሐዘን ጥሪ፦ ነገ ጠዋት» ይላል። አንዲት የማያውቋት ልጅ ደውላ «በወንድምዎ ሞት አዝነናል፣ የባንክ ቁጥርዎን ይላኩልን» ልትላቸው ነው።

ሲልቪያ ጋ ሮጥኩ። «ይሄ ጥሪ ይቁም። ሴትዮዋ መሞቱን አያውቁም።»

«አሎራ፣ እንግዲያ ሲደወልላት ታውቃለቻ!»

መርዶ ምን እንደሆነ ነገርኳት፤ የሚቀርቧቸው ሰዎች ተሰብስበው፣ ማለዳ፣ ቤታቸው ሄደው እንደሚነግሯቸው።

«እስከ እሑድ ልትደብቋት? ጭካኔ ነው» አለች።

«ጭካኔማ የአሮጊት ዳይፐር እየቀየሩ በስልክ መስማት ነው!»

«ለማንኛውም ጥሪ የኛ አይደለም። ሚላኖ ጠይቂ።»

ሚላኖ ወደ ኮል ሴንተር መራኝ። ኮል ሴንተር ያለችው ልጅ ደግ ነበረች። «ሲስተሙ ያወጣልኛል፣ እኔ እደውላለሁ» አለችኝ። «የማይደወልላቸው የግል አማካሪ ያላቸው ብቻ ናቸው። እነሱን አማካሪያቸው ራሱ፣ አመቺ ሰዓት መርጦ፣ ቤታቸው ሄዶ ነው የሚያናግራቸው።»

ይሄ እኮ መርዶ ነው! ሲልቪያ ጭካኔ ያለችው ነገር አምስተኛ ፎቅ ላይ አገልግሎት ይባላል።

በሩ ሲከፈት ጠብቄ ከአንድ ክራባት ኋላ ሾልኬ ገባሁ። ሉካ የሚባል አማካሪ አገኘሁና ጥሪው እንዲቀር እትዬ አልማዝን በስሙ ደንበኛ አርጎ እንዲይዝልኝ ለመንኩት።

«ሀብታቸው ምንድነው?» አለኝ።

«አንድ ወንድም ነበራቸው።»

 «ስማቸውን ጻፊልኝ» ብሎ ኪቦርዱን ገፋልኝ። «እስከ ሰኞ ብቻ። ሲልቪያ እንዳትሰማ።»

እሑድ ማለዳ ከነእማዬ ጋር በባቡር ኦስቲያ ወረድን። የኔ ሥራ አሮጊቷን መጠበቅ ነበር። እትዬ አልማዝ በር ከፍተው ያን ሁሉ ሰው ነጠላውን አዘቅዝቆ ሲያዩ፣ ማንም ሳይናገር ገባቸው። እማዬ ሳይወድቁ ያዘቻቸው። አሮጊቷ «ምንድነው?» ስትል ነገርኳት። «ወደሷ ውሰጂኝ» አለችኝ። በዊልቸር ገፋኋት፤ ሄዳ እጃቸውን ያዘች።

ሰኞ ሲልቪያ ሰምታ ጠበቀችኝ። «ባዳንቴዋን የአምስተኛ ፎቅ ደንበኛ ያረግሻት አንቺ ነሽ?»

«እኔ ነኝ።»

«ስታጅሽ ሲያልቅ እንነጋገራለን።»

«ቫ ቤኔ፣ እሺ» አልኳት። ባጄ አሁንም አምስተኛን አይከፍትም።

ስላይዱ ላይ ሁለት ክፍል አለ፤ ኢንሹራንስና ሀብት አስተዳደር። እኔ ያየኋቸው ሁለት ክፍሎች ሰው ቤታቸው ሄዶ የሚነግራቸውና ሲስተም የሚደውልላቸው ደንበኞች ናቸው። አዲስ የምትገቡ፣ ፋይል ስትከፍቱ ደንበኛው ከየትኛው እንደሆነ መጀመሪያ እዩ።