የገመዱ ጫፍ በእኔ እጅ ነበር

ይህን ለማንም ተናግሬ አላውቅም፤ ለሚስቴም፣ ለንስሐ አባቴም። የማስታውሰው ሁሉ እውነት ነው ብዬ አልምልም፤ የኮርማው ቀለም እንኳ አንዴ ጥቁር፣ አንዴ ቡሬ እየሆነ ይመጣብኛል። ያደረግሁትን ግን አድርጌዋለሁ።

በደርግ ዘመን፣ ከዩኒቨርሲቲ በእንስሳት ሐኪምነት እንደወጣሁ፣ ሐዋሳ ዳር ባለ የመንግሥት ከብት እርባታ ጣቢያ ተመደብሁ። ለሠራተኞች ቀን ኮርማ በገመድ የመያዝ ውድድር እንዲደረግ ሐሳብ ያቀረብሁት እኔ ነኝ። በካውቦይ ፊልም ያየሁትን የሸምቀቆ አወራወር ለከብት ጠባቂዎቹ ላስተምር ተነሣሁ። አንድ ኮርማ ላይ ሦስት ጊዜ ወርውሬ ሦስቴም ሳትሁ። የጠባቂዎቹ አለቃ ጋሼ ሀሜሶ ገመዱን ተቀብለው በአንድ ውርወራ ቀንዱ ላይ አጠለቁት።

«ዶክተር፣» አሉኝ እየሳቁ፣ «ኮርማ እኮ ዲግሪ ማንበብ አይችልም።»

ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ። ለምን ሳቅሁ?

በውድድሩ ቀን አብረን ተመደብን፤ እሳቸው ወርዋሪ፣ እኔ ያዥ። ያዥ የገመዱን ጫፍ መሬት ላይ በተተከለ ግንድ ሁለት ዙር ጠምጥሞ «ያዝኩ» ይላል። ወርዋሪው ይህን ቃል ሳይሰማ ኮርማውን ሊጥል አይጠጋም። ሸምቀቆው ቀንዱን ያዘ። እኔ አልጠመጠምሁም። «ያዝኩ» አልሁ። ባዶ እጃቸውን ተጠጉ። ኮርማው ሲዞርባቸው ገመዱን ለቀቅሁት። ሲሮጡ እንዲታዩ፣ እንዲሳቅባቸው ብቻ ነበር የፈለግሁት። ይህንንስ ያኔ አሰብሁት ወይስ በኋላ ለራሴ ፈጠርሁት?

ቀንዱ ከእምብርታቸው በታች ገባ። አንሥቶ ጣላቸው፤ ከወደቁበትም ደግሞ ከአጥሩ ጋር አጣበቃቸው። ስደርስ አንጀታቸውን በሁለት እጃቸው እየመለሱ ነበር።

«እጅህን አሳየኝ» አሉኝ።

አሳየኋቸው። ኮርማ የነጠቀው የቃጫ ገመድ መዳፍ ይልጣል። የእኔ መዳፍ ላይ ጭረት አልነበረም። ለረጅም ጊዜ አዩት፤ ከዚያ ፊታቸውን ወደ አጥሩ አዞሩ። ሆስፒታል ሳይደርሱ ሞቱ።

አጣሪው ካድሬ «ጓድ፣ እንዴት ሆነ?» ሲለኝ፣ «ቃሌን ሳይሰሙ ቀደሙ» አልሁ። በራሳቸው ጥፋት ሞቱ ተብሎ ተጻፈ፤ ፈረምሁበት።

ሚስታቸው ቢሮዬ ድረስ መጡ። «የኔ ባል በሥራው ቸኩሎ አያውቅም። አንተ አጠገቡ ነበርክ። እውነት ቸኮለ?»

«አዎ እናቴ፣» አልኋቸው፣ «ቸኮሉ።»

አንገታቸውን ደፍተው ወጡ። በሳምንቱ ልጆቻቸውን ይዘው የጣቢያውን ቤት ለቀቁ።

ገደልኋቸው፤ ከገደልኋቸው በኋላም ጥፋቱን ለእሳቸው አሸከምሁ። ይህን የምታነብ ሆይ፣ በእሳቸው ፈንታ ይቅር እንዳትለኝ።