ቅቤ የበላ ኩሽኔታ

ድምፁን መጀመሪያ የሰማሁት በቆሎ ጭኜ ከሁምቦ ወደ ሶዶ ስመለስ ነው። ከፊት፣ በቀኝ በኩል፣ አንድ ነገር ያጉረመርማል። ሞተሩ አይደለም፤ የሞተሩን ድምፅ የሚስቴን ያህል አውቀዋለሁ። ሜዳው ላይ ማርሹን አውጥቼ መኪናዋ በራሷ እንድትንከባለል ብለቃትም ማጉረምረሙ አልቀረም። መንገዱ ወደ ግራ ሲታጠፍ ይብሳል፣ ወደ ቀኝ ሲታጠፍ ጋብ ይላል። ወደ ግራ ስትታጠፍ ክብደቷ ሁሉ የሚያርፈው ቀኝ ጎማዋ ላይ ነው። ስለዚህ የታመመው የቀኙ የፊት ጎማ ኩሽኔታ ነበር፤ ጎማው ያለ ችግር እንዲሽከረከር የሚያደርጉት፣ በሁለት የብረት ቀለበት መካከል የሚሾሩት እንክብሎች።

ዳር አስይዤ ወረድኩ። የእጄን ጀርባ ወደ ጎማው እምብርት ሳስጠጋ ገና ሳልነካው ሙቀቱ ቆዳዬን ጠበሰው። ምራቄን ብተፋበት ቸስ ብሎ ጠፋ። ተሳፋሪዎቹ ከበቆሎው ላይ ሆነው «ምን ሆነ?» ይላሉ። «ምንም» አልኩና ተመልሼ ተቀመጥኩ። ከዚያ እስከ ሶዶ ያለውን ዳገት እንዴት እንደጨረስኩት እኔ ነኝ የማውቀው።

ጊዜው ጣሊያን ሶዶን ከያዘ በኋላ ነው። እኔ የምነዳው የአንድ የየመን ዓረብ ነጋዴ የጭነት መኪና ነበር። ከተማው ሁሉ ሐጂ ይላቸዋል፤ ቅቤ፣ ቆዳና እህል ይነግዳሉ። አባቴ ከሰሜን የመጣ ወታደር፣ እናቴ የወላይታ ሰው ናት። በሁለቱም ቋንቋ እለፈልፋለሁ፣ በሁለቱም መቀመጥ አልችልም። ሚስቴ «መቀመጫህ ላይ እሾህ አለ» ትለኝ ነበር። ውሸቷን አይደለም። ያቺ መኪና ላይ ስቀመጥ ብቻ ነው ቂጤ ወንበር የሚረጋበት። የአገሬው ሰው መሪ ሲጨብጥ እንደ ተአምር በሚታይበት በዚያ ዘመን፣ ገበያውን ለሁለት ሰንጥቄ ሳልፍ ደረቴ ይነፋ ነበር። ያንን ወንበር የሚያስጥለኝን ነገር ከሞት አሳንሼ አላየውም ነበር።

አሁን ደግሞ የሚያስጥለኝ ነገር ከእግሬ አጠገብ ያጉረመርማል። ጥፋቱም የእኔ ነበር።

ሦስት ሳምንት ቀደም ብሎ ኩሽኔታውን አጥቤ አዲስ ግራሶ ልቀባው ጎማውን ፈታሁ። የግራሶውን ቆርቆሮ ብከፍት ባዶ ነው። ሐጂ «ከሻሸመኔ የሚመጣ መኪና ያመጣልናል፣ ጠብቅ» አሉኝ። ሁለት ቀን ጠበቅኩ። የተፈታች መኪና እያየሁ መጠበቅ ማለት ለእኔ እከክ ይዞ አለማከክ ነው። ከቤት ወደ መኪናዋ፣ ከመኪናዋ ወደ ቤት ስመላለስ አንድ ሸክላ ላይ ዓይኔ አረፈ፤ የሚስቴ የጊፋታ ቅቤ።

በወላይታ ጊፋታ ማለት ዘመን መለወጫ ነው። ወንዱ ለሚታረደው በሬ ሲያስብ ሴቷ ዓመቱን ሙሉ ከየናጠችው ላይ ትንሽ ትንሽ እየቀነሰች ለዚያ ቀን ቅቤ ታጠራቅማለች። ያንን ቅቤ ባል አይነካውም፤ ነውር ነው። እኔ ሁለት እፍኝ ሰረቅኩ። በልቤ ያልኩት ይህን ነው፦ እኛ አገር ቅቤ የማይገባበት የት አለ? ፀጉር ይቀባል፣ ጠፍር ያለሰልሳል፣ የሚንቋቋ በር ዝም ያሰኛል፣ ሆዱን ለነከሰው ሕፃን ይሰጣል። ኩሽኔታ ከእነዚህ በምን ይበልጣል? ሞላሁት። በሶዶ ብርድ ቅቤው ግራሶ መስሎ ቁጭ አለ፤ በራሴ ብልሃት ፈገግ አልኩ። የቆላው የሁምቦ ሙቀት አልታሰበኝም።

ያን ዕለት ሌላም ነገር ሆነ። ጎማውን የሚይዘው ትልቁ ዳዶ እንዳይላላ መሐሉን ሰንጥቆ የሚያልፍ ሽቦ አለ፤ እሱ ሳወጣው ተሰበረ። ቀጥቃጩ አዲስ ሠራልኝ። ቀጥቃጩ በዕድሜ አባቴን የሚያክል ሰው ነው፤ በገበያ ቀን በሐጂ ሱቅ በረንዳ ጥግ ላይ ቢላዋና ማጭድ ዘርግቶ ይሸጣል። መኪኖች የሚቆሙት እዚያ ስለሆነ የሹፌሮች ሥራም እዚያው ያገኘዋል። በእኛ አገር ግን ቀጥቃጭ ሰው ቤት አይገባም፣ ከሌላው ጋር አይበላም። ሲጠማው ውሃው በእንሰት ቅጠል ይንቆረቆርለታል እንጂ ዋንጫ አይሰጠውም። የምናርስበትንና የምናርድበትን ሁሉ ከእጁ እየተቀበልን እጁን አንጨብጥም ነበር። እኔም አንዱ ነበርኩ።

ከሁምቦ እንደገባሁ ለሐጂ «የፊቱ ጎማ ይጮኻል» አልኳቸው። ስለ ቅቤው ትንፍሽ አላልኩም። ስለ ድምፁ ግን ዝም ማለት አልቻልኩም፤ በማግስቱ የገበያ ቀን ነው፣ ከገበያ መልስ ያ ሁሉ ሰው ጭነት ላይ ተሳፍሮ ቁልቁል ይወርዳል። ጎማው ተነቅሎ ሲሄድ ይታየኝ ነበር። ሐጂ አዲስ ኩሽኔታ ሱቃቸው ውስጥ በዘይት ወረቀት እንደተጠቀለለ ነበራቸው። ግራሶውም ከሻሸመኔ ከመጣ ሳምንት አልፎታል። «ነገ ጠዋት፣ ሰው ሳይጫን ቀይረው» አሉኝ።

ጠዋት ሱቁ ፊት ለፊት በክሪክ ሰቅዬ ጎማውን ከመሬት አነሳሁት። ከላይና ከታች ይዤ ስወዘውዘው ቀጭ ቀጭ አለ፤ ደህና ጎማ እንደዚያ አይልም። አንድ እጄን የመኪናዋ ሞላ ላይ አድርጌ በሌላው ሳሽከረክረው እህል የሚፈጭ ወፍጮ የነካሁ ያህል ሻካራው መዳፌ ውስጥ ገባ። ገበያተኛው ዙሪያዬን ከበበ። በዚያ ዘመን መኪና ሲፈታ ማየት እንደ ሠርግ ነበር፤ አንዳንዱ ፍየሉን ይዞ ይቆማል። ሐጂ ከኋላዬ መቁጠሪያቸውን ያንቀጫቅጫሉ።

ዳዶውን ፈትቼ እምብርቱን ስስበው ጥቁር፣ ሙጫ የመሰለ ነገር ይዞ ወጣ። ሽታው ከእሱ ቀድሞ ወጣ፤ ያረረ ቅቤ፣ ያውም የቆየ። እንክብሎቹ ተቦርቡረዋል፣ አንዱ ለሁለት ተከፍሏል። የውስጠኛው ቀለበት ከግለት ብዛት ጎማው የሚዞርበት ዘንግ ላይ ተጣብቆ ቀርቷል። መታሁት፣ ጎተትኩት፣ ተሳደብኩ፤ ንቅንቅ አላለም። ሐጂ «ቀጥቃጩን ጥሩ» አሉ።

መጣ። የመሣሪያ ስልቻውን ይዞ ከሰዉ ጥቂት ራቅ ብሎ ቆመ፣ ሐጂ «ቅረብ» ሲሉት ቀረበ። ገና ሲንበረከክ አፍንጫው ተንቀሳቀሰ። ከጥቁሩ ነገር ትንሽ ቆንጥሮ በሁለት ጣቱ አሸው። ቀጭን መሮ አወጣና ቀለበቱን በአንድ ቦታ ብቻ ይመታ ጀመር፤ ሳይቸኩል፣ ሁልጊዜ እዚያው ነጥብ ላይ። እኔ ብሆን ዘንጉን እከትፈው ነበር። ቀለበቱ ጣ ብሎ ተሰነጠቀና እንደ ልቅ አምባር ወጣ። ዘንጉ ላይ ጭረት እንኳ አልነበረም።

እኔ በዚህ መሀል ምን አደርግ ነበር? እምብርቱን በቤንዚን አጥብ ነበር። ማንም ሳያዘኝ፣ በፍጥነት፣ ያረረውን ቅቤ በጨርቅ እየፈተግኩ።

«ምን አቃጠለው?» አሉ ሐጂ፣ ሰዉ ሁሉ እንዲሰማ ጮክ ብለው። ጎንበስ አሉና ሽቦውን ከመሬት አነሱ። «ይህን የሠራ ማን ነው?»

«እኔ ነኝ» አለ ቀጥቃጩ።

«በዚህ ምክንያት ነው። ዳዶውን አላልቶታል። የቀጥቃጭ እጅ መኪና አይነካም ብዬ ነበር።»

«ሐጂ፣ እኔ ሽቦ ብቻ ሠራሁ። ሽቦው ይኸው፣ ደህና ናት። አልተቆረጠች፣ አልታጠፈች።»

«ከዛሬ ጀምሮ በረንዳዬ ላይ እንዳላይህ።»

ከሰዉ መሀል አንዱ ሳቀ፣ ሌላው «እጁ ነው፣ እጁ» አለ። ቀጥቃጩ ተከራከረ ማለት አይቻልም። ወደ እኔ ዞረ፤ ግን ያየው ፊቴን አይደለም፣ ቤንዚኑ ውስጥ የገቡትን እጆቼን ነው። አንድ ቃል ከአፌ ቢወጣ ይበቃው ነበር። እኔ ጨርቁን ጨመቅኩ። መሮውን ስልቻው ውስጥ ከተተ፣ በረንዳው ላይ የዘረጋውን ቢላዋና ማጭድ አንድ በአንድ ሰብስቦ ቁልቁል ወረደ። እስኪርቅ ድረስ ብረቱ በስልቻው ውስጥ ሲጋጭ ይሰማ ነበር።

ሥራውን ቀጠልኩ። እምብርቱ ውስጥ የቀሩትን አሮጌ ቀለበቶች አንዴ በዚህ አንዴ በዚያ ጎን እየመታሁ አስወጣኋቸው። አዲሶቹን፣ አሮጌዎቹን ላያቸው ላይ ደርቤ በዝግታ እየመታሁ አስገባኋቸው። ግራሶውን መዳፌ ላይ አድርጌ ኩሽኔታውን እየጫንኩ በእያንዳንዱ እንክብል መሀል አሳለፍኩት። ዳዶውን ጎማው እየዞረ ከበድ እስኪል አጠበቅኩ፣ ከዚያ ትንሽ መለስኩለት። የመቆለፊያው ሽቦ ተራ ደረሰ። ሌላ ሽቦ የለንም። የቀጥቃጩን ሽቦ ጠርጌ መለስኩት። ሐጂ ቆመው ያዩ ነበር።

ሰው ከመጫናችን በፊት እንሞክራት ብለው አጠገቤ ተቀመጡ። በሁምቦ መንገድ ወረድን። ግራ ታጠፍኩ፣ ቀኝ ታጠፍኩ፤ ጭጭ። እንዲያ ዝም ብላ አታውቅም። ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር፤ እኔ ግን ወንበሬ ላይ መገላበጥ ጀመርኩ። ድምፁ እያለ ሐሳቤን ይሸፍንልኝ ነበር መሰለኝ፤ አሁን የሚሰማኝ ያ ስልቻ ብቻ ሆነ። አቆምኩ።

«ሐጂ፣ ኩሽኔታውን ያቃጠልኩት እኔ ነኝ። ግራሶ ሲጠፋ ቅቤ አድርጌበት ነው። ሰውየው የለበትም» አልኳቸው። ቁልፉን ነቅዬ ላስረክባቸው እጄን አዘጋጅቼ ነበር።

«አውቃለሁ» አሉ።

ዞሬ አየኋቸው።

«ዕድሜዬን ሙሉ ቅቤ ስሸጥ የኖርኩ ሰው፣ ያረረ ቅቤ የማይሸተኝ መሰለህ? የቆየ ቅቤ ነው። የሚስትህ መሆን አለበት።»

«ታዲያ ለምን እሱን አባረሩት?»

«ገበያው ሁሉ ቆሞ ያይ ነበር። የሐጂ ሹፌር ጎማ ቅቤ ይቀባል ከተባለ ነገ ማን ይሳፈርባታል? አንተን ባባርር ሹፌር ከየት አመጣለሁ? ቀጥቃጭ ሞልቷል።»

«እንግዲያው በረንዳውን ይመልሱለት፣ ሐጂ። በሚቀጥለው ገበያ።»

«መልሼ ብጠራው፣ ሰው ያን ጊዜ ጥፋቱ የማን ነበር አይልም? ንዳ።»

ነዳሁ። ይህን ስጽፍ የማፍረው ስለ ቅቤው አይደለም፤ ስለዚያ መንዳት ነው። ወንበሬ ተረፈችልኝ፣ ከኀፍረቴ ጋር ደስታዬም ነበረ፤ ሁለቱንም ይዤ ያን ቀን ገበያተኛውን ጭኜ ወረድኩ፣ በሰላምም አደረስኩ።

በማግስቱ ረፋድ ላይ ቀጥቃጩ ቤት ሄድኩ። ከከተማው በታች፣ በጉኑኖ መንገድ፣ ሌሎች ቤቶች ካለቁ በኋላ ነው። ወናፉን እየነፋ አገኘሁት። ሲያየኝ ተነስቶ በርጩማውን በጋቢው ጠርጎ አቀረበልኝ፤ ከዚያ እንደማልቀመጥ ትዝ አለው መሰለኝ መልሶ ሊያነሳው እጁን ዘረጋ። ተቀመጥኩ።

«ቅቤውን ያደረግኩት እኔ ነኝ» አልኩት።

«ሸተተኝ እኮ» አለ። ቁጣ የለበትም። «ባለቤቴም እንዲህ ለወፍጮ አድርጋ ታውቃለች፣ ተበላሸ።» ከዚያ ወናፉን ለቀቀና ጠጋ አለኝ። «ለሐጂ ነገርከው?»

ፊቱ ላይ ተስፋ አየሁ።

«ከነገርከው እኮ ይመልሰኛል» አለ። «ሐጂ ክፉ ሰው አይደለም። አላወቀም እንጂ እንዲህ አያደርግም። ስንት ዓመት በረንዳው ላይ ተቀመጥኩ፣ አንድ ቀን ተነሥ አላለኝም።»

ምን ልበለው? ነግሬአቸዋለሁ፣ ከእኔ በፊትም ያውቁ ነበር፣ ያባረሩህ እያወቁ ነው፣ ቀጥቃጭ ሞልቷል ብለዋል ልበለው? ለእሱ አዝኜ ነው እላለሁ፤ ለራሴም ሳላዝን አልቀረሁም።

«አልነገርኳቸውም» አልኩ።

«ፈራህ» አለኝ።

«ፈራሁ።»

«አይዞህ» አለኝ፣ እሱ ለእኔ። «ትደፍራለህ። የደፈርክ ቀን ንገረው።» ወደ ወናፉ ተመለሰ።

ከዚያ በኋላ በገበያ ቀን ዕቃውን የሚዘረጋው ከታች፣ ቆዳ ፋቂዎቹ ከሚቀመጡበት ዳር ነበር፤ መኪና እዚያ አይቆምም። ጭኜ ሳልፍ ቀና ይላል። አይጠራኝም፣ ቅንድቡን ብቻ ከፍ አድርጎ ይጠይቀኛል። እኔም ከመሪው ላይ እጄን ሳላነሳ፣ ገና ነው ለማለት፣ ራሴን ነቅንቄለት አልፋለሁ።