ባልቻና የእርሳሱ ቀበቶ

ባልቻን የማያውቅ ሰው ቶሮንቶ፣ ዌስተን ሰፈር ባለው የሕዝብ መዋኛ ገንዳ ሲያገኘው ከመሬት ተነስቶ የሚቆጣ ሰው ይመስለው ነበር። እውነትም ይቆጣ ነበር። ጫማውን ሳያወልቅ ገንዳው ዳር የሚራመድ ያስቆጣዋል፤ ሳይታጠብ ዘሎ የሚገባ ያስቆጣዋል። ከሁሉ በላይ ግን ደሙን የሚያፈላው አትንካ የተባለውን የሚነካ ሰው ነው። የቶሮንቶ አበሾች "አትንኳት ባልቻ" የሚል ስም ያወጡለት ለዚህ ነው። ስሙን ያወጡለት ሰዎች ራሳቸው ናቸው የነኩበት፤ ያንን ግን ሲቀልዱ አያነሱትም።

ባልቻ በወጣትነቱ ምጽዋ ላይ የባሕር ኃይል ጠላቂ ነበር። መርከብ ሥር እየገባ ብረቱን ይፈትሻል፣ የተጠላለፈ ገመድ ይፈታል። እዚያ ባሕር ውስጥ ሣር የምትግጥ፣ ማንንም የማትተናኮል ወፍራም እንስሳ ነበረች፤ መርከበኞቹ የባሕር ላም ይሏታል። አንድ ቀን ሦስት የበላዮቹ ጀልባ ላይ ተቀምጠው፣ ሥራ ስለፈቱ ብቻ፣ አንዷን በጠመንጃ መቷት። ጥጃዋ ሬሳውን ስትዞር ዋለች። ባልቻ ሃያ አራት ዓመቱ ነበር፤ አለቆቹ ናቸውና ቃል አልተነፈሰም። ዝም በማለቱ ራሱን ይቅር ሳይል፣ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር በ1986 ከአሰብ በጀልባ ወደ የመን ጠፋ።

ከየመን ያወጡት ጋሼ ጥጋቡ ናቸው። ጋሼ ጥጋቡ ከብዙው ሰው ቀድመው ቶሮንቶ የገቡ፣ በቤተ ክርስቲያኑ ኮሚቴ ቃላቸው የሚደመጥ፣ ቶርንክሊፍ ፓርክ አሥራ አንደኛ ፎቅ ላይ ከባለቤታቸው ከእትዬ የኔነሽ ጋር የሚኖሩ ሰው ናቸው። ባልቻን በስም እንጂ በመልክ ሳያውቁት ስፖንሰር ሆነው ፈረሙለት፤ ኤርፖርት ድረስም ወፍራም ካፖርት ይዘውለት ወጡ። ባልቻ ያንን ካፖርት ክርኑ እስኪሳሳ ለበሰው። ጋሼ ጥጋቡ ባሉበት ወንበር ላይ ተደላድሎ ተቀምጦ አያውቅም።

ቀጥሎ ገንዳው ቀጠረው። ምድር ቤት ክሎሪን ሲመዝንና ማጣሪያ ሲያጥብ አምስት ዓመት ሞላው። ባሕር ላይ የኖረ ሰው ከሰማያዊ ሸክላ ሥር ተቀበረ ማለት ነው። በ1993 ግን ካረን የምትባል ካናዳዊት መጣች። ካረን በየዓመቱ በብርዱ ወራት ስድስት ስድስት ሰው በቫን ጭና ፍሎሪዳ ትወስዳለች። እዚያ ባሕሩ ሲቀዘቅዝ ማናቲ የሚባሉት እንስሳት ሞቃት ምንጭ ያለበት ወንዝ ውስጥ ይሰበሰባሉ፤ ሰዎቹም የውኃ መነጽር አድርገው፣ የመተንፈሻ ቱቦ በአፋቸው ነክሰው፣ በደረታቸው ተንሳፍፈው ከላይ ያዩዋቸዋል። ካረን መንገደኞቿን የምታለማምደው በዚህ በዌስተን ገንዳ ነበር። የእንስሳዋን ፎቶ ግድግዳው ላይ ስትለጥፍ ባልቻ መጥረጊያውን አስደግፎ ቆመ። የምጽዋዋ የባሕር ላም ዘመድ ናት! ያን ቀን ካረንን ምን እንዳላት እሱም በደንብ አያስታውሰውም፤ ብቻ በዓመቱ ጥርና የካቲት ላይ መጥረጊያውን ለሌላ ሰው ትቶ አስጎብኚዋ ሆነ።

ሲያስተምር የራሱ ዘዴ ነበረው። ሰውየው ውኃው ላይ በደረቱ ይተኛል፤ ሁለት እጁን ወደ ኋላ ያደርግና አንዱን አንጓ በሌላው ይይዛል። "እጅህ ከጀርባህ ከወጣ አንተም ከውኃው ትወጣለህ" ይላል። መዋኘት የለም፣ መከተል የለም፣ መንካት የለም። እንስሳዋ ከፈለገች ራሷ ትመጣለች። የነካ ሰው ካለ ሰውየው ጀልባው ላይ ይወጣል፤ አስጎብኚው ራሱ አስነክቶ ከተገኘ ደግሞ ሥራው ያበቃል። ሕጉ የካረን ነው፤ ቁጣው የባልቻ። በሦስት ዓመት አንድም ሰው አልነካበትም።

እሑድ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ስለ ማናቲ ሲያወራ የሰለቹት አበሾች በ1997 "እስቲ ለእኛም አሳየና" አሉት። የሚሉትን ይበሉ ብሎ ቢተዋቸው ኖሮ! ደስ አለው። ካረንን ለምኖ አንድ ሙሉ ጀልባ ለወገኖቹ አስያዘ። ጋሼ ጥጋቡ መጡ፤ የጋሼ ጓደኛ አቶ ስለሺም ከካሜራቸው ጋር መጡ፤ ሌሎች አራት ተጨመሩ። በልምምዱ ቀን ገንዳው ጠበል መሰለ። ግማሾቹ "በስመ አብ" እያሉ ሦስት ጊዜ ካልጠለቁ አንንሳፈፍም አሉ። አቶ ስለሺ ፊታቸውን ውኃ ውስጥ ለማስገባት ሁለት ቅዳሜ ፈጀባቸው። ባልቻ ግን አልተቆጣም። ጋሼ ጥጋቡን ሆዳቸውን በመዳፉ ደግፎ፣ እንደ ሕፃን አንሳፍፎ አስተማራቸው።

"እጅዎን ወደ ኋላ ጋሼ።"

"አወቅሁ እኮ! ስንት ጊዜ ትነግረኛለህ?"

"መቶ ጊዜ እነግርዎታለሁ።"

ወንዙ ላይ የደረሱት ማለዳ ነው። ውኃው ይተናል፤ ሥሩ ድረስ ይታያል። አንዲት እናት ማናቲ ከጥጃዋ ጋር ምንጩ አፍ ላይ ተኝታለች። ስድስቱም እጃቸውን ከኋላ አድርገው ተንሳፈፉ፤ ባልቻ ኮራባቸው። ጥጃዋ ነቃችና በዝግታ ወደ ጋሼ ጥጋቡ መጣች፤ መነጽራቸውን በአፍንጫዋ አሸተተች። እዚህ ላይ ሰውየው እጃቸውን ፈቱ። መጀመሪያ ዳሰሷት። ከዚያ የፊት ክንፏን በሁለት እጃቸው ጨብጠው ወደ ደረታቸው ሳቧት፤ ቱቦውን ከአፋቸው ተፍተውም "ስለሺ! ስለሺ አንሳኝ!" ብለው ጮኹ።

ጥጃዋ ተወራጨች። እናቲቱ ደንግጣ በጅራቷ ውኃውን መታችና ከምንጩ ወጥታ ወደ ቀዝቃዛው ወንዝ ሸሸች። ጥጃዋ አልተከተለቻትም፤ ተይዛለቻ።

"ይልቀቋት! ልቀቁ አልኩ!"

አለቀቁም፤ እየሳቁ ካሜራውን ያያሉ። ባልቻ የዋና ልብሳቸውን ኮሌታ ከኋላ ጨምድዶ ያዘ፤ ጎትቶም ጀልባው ላይ ወረወራቸው። ስፖንሰሩን፣ ሽማግሌውን፣ ያን ካፖርት ያለበሱትን ሰው! ሲዞር ጥጃዋ ጀልባው ሥር ብቻዋን ትዞራለች። አንድ ሰዓት ጠበቁ፤ እናቲቱ ስትመለስ አላዩም።

የሌላ ጀልባ ነጂ ነገሩን አይቶ ለካረን በሬዲዮ ነግሯት ኖሮ ወደቡ ላይ ጠበቀቻቸው። ማን እንደያዛት ጠየቀች። ጋሼ ጥጋቡ ፎጣ እንደለበሱ፣ ዓይናቸውን በጨው አጥበው፣ በእንግሊዝኛ መለሱ፦ ባልቻ ነው ያዝ ያለኝ፣ ለፎቶ ብሎ። ባልቻ የቀሩትን ተራ በተራ አያቸው። አምስት ሰው አይቷል፤ አምስት ሰው ጫማውን ያያል። አንዳቸውም እንኳ አልሳሉም! ይሉኝታ ይሉታል ይሄንን። ጋሼን በፈረንጅ ፊት ውሸታም ማድረግ ነውር ነው፤ ባልቻን መቅበር ግን ነውር አይደለም።

ካረን ባልቻን ለብቻው ጠራችው። "አምንሃለሁ፤ ግን እሱ ከተናገረው ይልቅ የአንተን ቃል ብይዝ ፈቃድ ሰጪዎቹ ፈቃዴን ይነጥቁኛል። እስከ መጋቢት መጨረሻ ሰውየው ራሱ ደውሎ እውነቱን ይንገረኝ። አለዚያ ሌላ አስጎብኚ እቀጥራለሁ" አለችው። ከዚያ ሁለት ቀን ሙሉ አንድ ቫን ውስጥ ወደ ቶሮንቶ ተመለሱ። የተነሳው ፎቶስ ብሎ አቶ ስለሺን ሲጠይቃቸው ፊልሙ ተቃጥሏል አሉት። ገና ሳይታጠብ!

በሁለተኛው እሑድ አቶ ስለሺ ሌላ ሽማግሌ አስከትለው ዌስተን፣ ባልቻ አፓርትመንት መጡ። ባልቻ ሊክሱት የመጡ መስሎት ነበር።

"ስማ ባልቻ፣ ጋሼን እንደ ጆንያ ጎትተሃቸዋል" አሉ አቶ ስለሺ። "ሽበት ነው የጎተትከው። መጥተህ ይቅርታ ጠይቅ።"

"እርስዎ እዚያ አልነበሩም? አላዩም?"

"የነበረውን ተወው። ትንሽ ትልቁን ይቅርታ ሲጠይቅ ነው ነገር የሚበርደው።"

"ካረንን ኮል ያደርጉላታል?"

"መጀመሪያ አንተ ና። ሌላው ኋላ ይመጣል።"

ባልቻ በሩን ከፍቶ ሊያስወጣቸው ተነስቶ ነበር። ግን ሽበት መጎተቱ እውነት ነው፤ እሱም የማይክደው ነገር ነው። በደንቡ መሠረት የበደለ ሰው ድንጋይ ተሸክሞ ይመጣል፤ የተበደለው ድንጋዩን ከጫንቃው አንስቶ ይቅር ይለዋል። በዚያን ሰሞን ደግሞ የቶሮንቶ ድንጋይ ሁሉ በረዶ ሥር ነው። ባልቻ ከገንዳው ዕቃ ቤት ጠላቂዎች ለመስመጥ ወገባቸው ላይ የሚታጠቁትን ቀበቶ አስፈቅዶ ወሰደ፤ በዙሪያው የእርሳስ ጡብ የተሰካበት፣ ስምንት ኪሎ የሚከብድ ነው። ሁለት ወሰደ። በአውቶቡስና በሰብዌይ ቶርንክሊፍ ድረስ ተሸክሞ ሄደ።

ሳሎኑ ሞልቷል። አንዱን ቀበቶ አንገቱ ላይ አድርጎ ጋሼ ጥጋቡ እግር ሥር ተንበረከከ።

"በሰው ፊት ስለጎተትኩዎት አጥፍቻለሁ። ይቅር ይበሉኝ።"

ጋሼ ጥጋቡ ጥቂት አስቆዩት። ከዚያ ቀበቶውን አንስተው "ተነስ፣ ይቅር ብዬሃለሁ" አሉ፤ ሴቶቹ እልል አሉ። እንጀራ ሊቀርብ ሲል ባልቻ እንደተንበረከከ "አሁን ለካረን ይደውሉላት" አለ።

"ምን ብዬ?"

"የያዝኳት እኔ ነኝ ብለው።"

ጋሼ ጥጋቡ ሳቁ። "ይሄ ሁሉ ለአሣ ነው እንዴ? ሰው አይበልጥም?"

ባልቻ ተነሳ። ከቦርሳው ሁለተኛውን ቀበቶ አወጣና ምንጣፉ ላይ፣ ጫማቸው ፊት አስቀመጠው።

"የእኔን ተሸክሜ መጥቻለሁ። ይሄ የእርስዎ ነው" አለ። "ከየመን አውጥተውኛል፤ አልክድም። ግን ሰው ያወጣ ሁሉ ሰው ላይ ይዋሻል እንዴ?"

እህል ሳይቀምስ ወጣ። ሊፍቱ እስኪመጣ እንኳ አልጠበቀም፤ አሥራ አንዱንም ፎቅ እየረገጠ በደረጃ ወረደ።

የቀረውን ወሬ ያመጡለት እትዬ የኔነሽ ናቸው። ቤተ ክርስቲያን በር ላይ ጠብቀውት፣ ቀበቶው ካስቀመጠበት እንዳልተነሳ ነገሩት። "ቫኪዩም ሳደርግ ዙሪያውን ነው የምዞረው፤ ላንሳው ስላቸው እኔ ያላነሳሁትን ማንም አያነሳም ይሉኛል። በእሱ ላይ እየተረማመዱ ዜና ያያሉ።" እንግዳ ሲመጣ ምንድነው ብሎ ይጠይቃል፤ ጋሼ ጥጋቡ የስፖርት ዕቃ ነው ይላሉ አሉ። ስልኩ ከቀበቶው አንድ እርምጃ ላይ ነው። መጋቢት እንዲህ ሲባል አለቀ። ካረን ለባልቻ ደውላ አለቀሰች፤ ሌላ አስጎብኚም ቀጠረች። ባልቻ እሺ ብሎ ስልኩን ዘጋና ወደ ምድር ቤቱ ወረደ።

በሚያዝያ፣ በረዶው ቀልጦ መንገዱ ሲጨቀይ፣ አንድ ማክሰኞ ጠዋት ባልቻ ገንዳው ዳር ተንበርክኮ ውኃውን ይለካ ነበር። ሥራው ቀላል ነው፤ በትንሽ ብልቃጥ ውኃ ይቀዳል፣ ጠብታ ይጨምራል፣ ቀለሙን አይቶ የክሎሪኑን ልክ መዝገብ ላይ ይጽፋል። በቀን አንድ ጊዜ ጠዋት ይበቃል። የእግር ኮቴ ሰምቶ ቀና አለ። ጋሼ ጥጋቡ ናቸው፤ ቀበቶው ካፖርታቸው ላይ፣ አንገታቸው ላይ ነው። ከቶርንክሊፍ እስከ ዌስተን በሁለት አውቶቡስና በሰብዌይ፣ ሰው እያያቸው፣ እንደዚያው ሆነው መጥተዋል። ስልሳ ስምንት ዓመታቸው ነው። ጫማቸውን አውልቀው በካልሲ ቆመዋል።

"ትናንት ደወልኩላት" አሉ፤ ትንፋሻቸው ይቆራረጣል። "እውነቱን ነገርኳት። ሌላ ሰው ቀጥሬያለሁ አለችኝ።"

"አውቃለሁ።"

"ያን ዕለት አፈርኩ ባልቻ። ሰው ሁሉ እያየኝ፣ አንተ ወርውረኸኝ፣ እርጥብ ሆኜ... አፈርኩ።" አንገታቸውን ዝቅ አደረጉ። ቀበቶውን የሚያነሳ የተበደለው ነው፤ ራሳቸው ሊያወርዱት አይችሉም። "አጥፍቻለሁ። አንሳልኝ።"

ባልቻ ተነሳ። ሦስት ወር ሙሉ ሊላቸው ያሰበው ሁሉ ትዝ አለው። ትናንት! ከምንጣፉ ወደ ስልኩ አንድ እርምጃ፣ ሦስት ወር! ጀልባ ሥር የምትዞረው ጥጃ መጣችበት፤ ሁለቱም ጥጆች መጡበት። ሊጮህ አፉን ከፈተ። ከዚያ የሽማግሌውን ካልሲ አየ፤ ጣታቸው ጋ ተቀድዷል፣ በገንዳው ውኃ ርሷል።

"ትንሽ ይቁሙ ጋሼ" አለ። "ውኃውን ልለካ።"

ተንበርክኮ ቀዳ፤ ጠብታውን ጨመረ፤ ቀለሙን አየ፤ ጻፈ። ልኩ ትክክል ነበር። ብልቃጡን ደፍቶ እንደገና ቀዳ። ከኋላው የሽማግሌው ትንፋሽ ይሰማል፤ ቆመው እንደሆነ ለማየት አልዞረም። ያን ጠዋት ውኃውን ሦስት ጊዜ ለካው። ቀበቶውን ያነሳላቸው ከሦስተኛው በኋላ ነው።