ሆዳሙ ድንጋይና የዓለምዬ እሪታ

ዓለምዬን የማያውቅ ሰው ድምፅ የሌላት ሴት አድርጎ እንዳያስባት። የጊች፣ የላይኛው ደጋ ልጅ ናት። ተድራ እኛ መንደር ስትመጣ፣ ከገደሉ አፋፍ ቆማ ማዶ ለማዶ ስትጣራ፣ ስልክ የሌለው ሰው ሁሉ መልእክቱን የሚልከው በእሷ ነበር። ይህችን ሴት ነው እንግዲህ ሽማግሌዎቻችን «አልጮኸችምና አልተበደለችም» ብለው ሁለት ጊዜ ወደ ባሏ የመለሷት። ዛሬም ሳስበው ደሜ ይፈላል።

እኔ ጎረቤቷ ነኝ። የእሷንና የእኔን ቤት የሚለየው አንድ የድንጋይ ካብ ብቻ ነው። በእኛ አገር፣ ከደባርቅ በታች ባሉት መንደሮች ሁሉ፣ እሪታ ሰምቶ ዱላውን ይዞ ያልወጣ ጎረቤት ሰው አይባልም። የጮኸው ደመኛህ ቢሆንም ትወጣለህ። መልካም ልማድ ነው፤ ግን ከኋላው አንድ ክፉ ነገር ይዞ መጣ። እሪታ ካልተሰማ በደልም የለም እንላለን።

ባሏ ደርቤ በቅሎ ለቱሪስት የሚያከራይ ነበር። ጦርነቱ መጥቶ ቱሪስቱ ሲጠፋ በቅሎዎቹ ከበረት ቀሩ፣ እሱ ከጠላ ቤት። ውጭ ማንም ሲያዋርደው ዝም ብሎ ይመጣና ቤት ሲገባ እጁን ያነሳል፤ አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ማለት ይኸው ነው። ጠዋት ውሃ ስንወርድ ነጠላዋን እስከ ቅንድቧ ትከናነባለች።

«ምን ሆነሽ ነው?» አልኳት አንድ ቀን።

«እቴ፣ ሲመታኝ አፌን እከፍታለሁ፤ ምንም አይወጣም» አለችኝ።

ለነፍስ አባቷም ይህንኑ ነገረች። መንፈስ ነው ብለው ጠበል አዘዙላት። ተጠመቀች፤ ያው ሆነ። አንድ ሰው እንኳ «ደርቤንስ ጠበል አያሻውም ወይ?» አላለም።

ሽማግሌ ፊት ቀርባ የለመነችው ብዙ አልነበረም፤ ልጇን እየሩስን ይዛ ከዚያ ቤት በሕይወት መውጣት። ሳይፈቀድላት ብትሄድ ልጅቷ ለአባት ትቀራለች። የሽማግሌዎቹ አውራ አያ ገዱ ናቸው። «አንቺ ልጅ» አሏት፣ «ማዶ ያለ ከብት የምትጠሪ ሴት፣ ተመታሁ ብለሽ ስትጮኺ አንድ ቀን እንኳ ሰምተንሽ አናውቅም። ባልና ሚስት ከአንድ ባሕር ይቀዳል። ታገሺ፤ ዝም አይነቅዝም።» ከልጅነቴ የማከብራቸው ሰው ናቸው። ያን ቀን ግን ጢማቸውን ብነጭ ደስ ባለኝ።

ነገሩ የወጣው ለመስቀል ቤት ስንለቀልቅ ነው። ደርቤ ደባርቅ ገበያ ሄዷል። እኔ እበቱን ከአመድ ጋር አቦካለሁ፣ ዓለምዬ ግድግዳውን ትለቀልቃለች። ከመደቡ በላይ የደርቤ ለምድ ተሰቅሏል፤ ማታ ማታ አንስቶ ትከሻው ላይ ጣል የሚያደርገው የበግ ለምድ ነው። ሌላ ዓመት እሱ አጠገቧ ቆሞ አትንኪው ይላት ነበር፤ ዛሬ እንዳይቆሽሽ ብላ አወረደችው።

እኔ አማቴን እያማሁ ነበር፤ ወሬዬ መሃል ላይ ተቆረጠ። አፌ ይንቀሳቀሳል፣ ጆሮዬ ምንም አይሰማም። ዓለምዬም አፏ ይከፈታል፣ ይከደናል። ባልዲው ከእጄ አምልጦ ተንከባለለ፤ ኮሽታ እንኳ የለውም። ደንግጣ ለምዱን መልሳ ስትሰቅለው ደጅ ያሉት ዶሮዎች ሲንጫጩ ሰማን።

ለምዱ የተሰቀለበትን ግድግዳ ፈልፍለን ጭቃው ውስጥ የተቀበረ ድንጋይ አወጣን። የሕፃን ራስ ያህላል፤ ጥቁር ሆኖ አረንጓዴ ጅማት አለበት። ስሙን ከአያቴ ሰምቼ ነበር፤ ሆዳም ድንጋይ። ከገደሉ ወገብ ላይ በስንት ዘመን አንዴ ይገኛል። አጠገቡ ያለውን ድምፅ ሁሉ ይውጣል፤ የሚያርፈው የበግ ለምድ ሲለብስ ብቻ ነው። ድሮ ባሕታውያን ለጸሎታቸው ጸጥታ ከዋሻቸው ያኖሩት ነበር ይባላል። ባሕታዊ የጸለየበትን ድንጋይ ደርቤ የሚስት መምቻ አደረገው! አንድ ነገር ግን ረሳ። ወንድ ቤት አይለቀልቅም፤ ያንን ግድግዳ በየዓመቱ በእጇ የምትዳብሰው እሷ ናት።

እኔ አሁኑኑ ገደል እንጨምረው አልኩ። እሷ በለምዱ ጠቀለለችውና እንደ ልጅ አዘለችው። «ሽማግሌ ይቀመጥልኝ» አለች።

ከቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ፣ አፋፉ ላይ ካለው ወይራ ሥር ተቀመጡ። ደርቤ ከገበያ እንደተመለሰ ተጠርቶ ነጭ ጋቢውን ለብሶ መጣ፤ ያዘለችውን ሲያይ ፊቱ አመድ መሰለ።

«ደግሞ ምን አመጣሽ?» አሉ አያ ገዱ።

ጥቅሉን ከመካከላቸው አኖረችና ለምዱን ገለጠችው። አያ ገዱ ሲናገሩ አየን እንጂ አልሰማንም። ደርቤ ብድግ ብሎ ይጮሃል፤ የአንገቱ ሥር ተገታትሯል፣ ድምፅ ግን የለም። ሽማግሌዎቹ ጆሯቸውን ይጎረጉራሉ። አያ ገዱ በሁለት እጃቸው ጉሮሯቸውን ያዙ፤ ዓይናቸው ውስጥ ፍርሃት አየሁ። ይበላቸው አልኩ በሆዴ።

ድንጋዩን መልሳ ሸፈነችው። «የነገርኋችሁ ይህንን ነው፣ አባቶቼ» አለች።

ከዚያ ከሽማግሌዎቹ አንዱ፣ የወፍጮ ቤቱ ባለቤት ሙሌ፣ ወደ ደርቤ ጠጋ ብሎ «ለመሆኑ ከወዴት አገኘኸው?» ሲል ጠየቀ። ለፍርድ መስሎኝ ነበር። ዓይኑን ሳየው ግን ለምኞት ነው! ሌሎቹም መልሱን ለመስማት ጆሯቸውን ቀሰሩ። አንዲት ሴት ሞትን አዝላ ፊታቸው ቆማለች፤ እነሱ ድንጋዩን ለየቤታቸው ይመኛሉ።

ዓለምዬም ዓይናቸውን አየች። ድንጋዩን አንስታ ወደ አፋፉ ሄደች፣ ለምዱን ገፍፋ ድንጋዩን ገደል ወረወረችው። ከዚያም ወደ እኛ ዞራ፣ ሁለት እጇን አናቷ ላይ ጭና እሪ አለች። የስንት ዓመት እሪታ ነበር የወጣው። ከገብሱ ማሳ፣ ከወንዙ፣ ከታችኛው መንደር፣ ወንድ ሴቱ ዱላ እያነሳ ሮጠ።

«ማን ሞተ? ማን ነው የገደለው?» አለ ቀድሞ የደረሰው ሰው እያለከለከ።

«ልሞት የነበርኩት እኔ ነኝ» አለች። ጣቷን ወደ ደርቤ ዘረጋች። «ሊገድለኝ የነበረው እሱ ነው።»

ሰዉ ደርቤን ከበበው። አያ ገዱ ዙሪያቸውን ተመለከቱ። የእሷን እንባ ሳይሆን ያን ሁሉ ዱላ አይተው ነው «ልጇን ስጧት፤ ይዛ ትሂድ» ያሉት።