አንድ ቀሚስ፣ ሁለት ፈረቃ

ሰሞኑን እግሬ አንድ ቦታ አልቀመጥ ብሎኛል። የሰቆጣው ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ተማሪ ከአቅሙ በላይ ሆኖበት፣ አንድ ወንበር ላይ አራት አራት እየሆኑ ሲጋፉ ከርመው፣ በመጨረሻ ለሁለት ተከፈለ። የልጅ ልጄ የዓለምወርቅ ስም ከተማው ዳር ወደተሠራው አዲሱ ትምህርት ቤት ወጣ። ከዚሁ ከዝቋላ ወረዳ መጥታ ቤት አብራት የተከራየችው ጓደኛዋ ግን ነባሩ ላይ ቀረች። የእኔዋ «ያለ እሷ አልሄድም» ብላ ተኮራምታ ተቀመጠች። ይህን የምትጽፍልኝ ራሷ ናትና «ተኮራምታ አይበሉ እንጂ እምዬ» ትለኛለች። ተኮራምታ ነበር። እኔም ከጋዝጊብላ ስንቅ ይዤላት እንደመጣሁ መመለሱን ትቼ ስዞር ሰነበትኩ። ስዞር ደግሞ የታላቅ እህቴ የስንዱ ቀሚስ ይመጣብኛል።

ልጅ ሳለሁ በአገራችን የተከፈተው ትምህርት ቤት አንዲት የጭቃ ክፍል ነበረች። የምርጊቱ ሽታ ሳይጠፋ ልጅ ሞላት። እኔና ስንዱ ሰው ፊት የሚለበስ አንድ የአቡጀዲ ቀሚስ ብቻ ስለነበረን እሷ ተመዘገበች፤ እኔ የፍየል ቆዳዬን ለብሼ ቤት ቀረሁ። ቆይቶ ልጁ በዛና ትምህርቱ ለሁለት ተከፈለ፤ ጠዋት አንድ መምህር፣ ከሰዓት ሌላ መምህር። አባቴ «በቃ፣ ቀሚሱም በፈረቃ ይማራል!» ብሎ እየሳቀ ወስዶ የከሰዓቱ ላይ አስመዘገበኝ።

መንገዱ ሩቅ ስለነበር እኩሌታው ላይ፣ ቁልቋሉ ጀርባ ተገናኝተን እንለዋወጥ ነበር። ቀሚሱ በላብዋ ሞቆ፣ ጠመኔ ጠመኔ እየሸተተ ይደርሰኛል። ቤታችን የሚወራው ኽምጣኛ ነውና ስሜ ሲጠራ አማርኛው እንዳይጠፋኝ መንገዱን ሙሉ «አቤት፣ አቤት» እያልኩ እሄዳለሁ።

ሁለት ቀን እየሮጠች መጣችልኝ። በሦስተኛው ቀን ግን ጥላዬ እግሬ ሥር ገብቶ ወዲያ ማዶ መርዘም ሲጀምር ስንዱ የለችም። ድንጋይ ላይ እወጣለሁ፣ እወርዳለሁ፣ መንገዱን አያለሁ። የከሰዓት ልጆች እየሳቁ አለፉኝ። «ብርቄ የፍየሏ! ዛሬ ሣር ልትግጪ ነው?» አንጀቴ አልችል ቢለኝ በቆዳዬ ሮጥኩና በመስኮቱ ቀዳዳ አጮለቅሁ። ስንዱ እኔ ቦታ ተቀምጣለች።

«ብርቄ!» አለ መምህሩ።

«አቤት!» አለች ስንዱ።

በዚያ ልብስ መግባት አልቻልኩም። ማታ ስትመለስ ጠብቄ ፀጉሯን ያዝኩ። «ኧረ ልቀቂኝ! አንድ ቀን ብቻ ነው» አለች። «ከሰዓት ድምር ያስተምራሉ፤ እኛ ገና ነን። በኋላ ላንቺ አሳይሻለሁ።» አንድ ቀኑ ሳምንት፣ ሳምንቱ ዓመት ሆነ። ለአባቴ ብናገር ሁለታችንንም እንዳያስቀር ፈራሁ፤ ቀን ቀን ከቁልቋሉ ጀርባ እየተደበቅሁ ከእሷ ጋር እመለስ ነበር። ዓመቱ ሲያልቅ ብርቄ ሁለተኛ ወጣች ተባለ። አባቴ ደስ ብሎት ግንባሬን ሳመኝ። ስንዱ ቀና ብላ ልታየኝ አልቻለችም። ነፍሷን ይማረውና እስከ ዕለተ ሞቷ «እኔ ነኝ የበላሁሽ» እያለች ታለቅስ ነበር።

ይህን ለዓለምወርቅ ነገርኳት። ሳቀች። ሰኞ ግን ደብተሯን ይዛ ተነሣች። ከጓደኛዋ ጋር እስከ መንታው መንገድ አብረው ሄዱ፣ ተሳሳሙ፣ ተለያዩ። እኔም ተከትያት አዲሱ በር ላይ ደረስኩ።

«እማማ፣ ማንን ፈልገው ነው?» አለኝ ዘበኛው።

«ልመዘገብ።»

«ይግቡ ታዲያ፣ ባዶ ወንበር ሞልቷል!»

ደወሉ ሲደወል እሷም እዚህ፣ ጓደኛዋም እዚያ ገብተው ነበር። የዛሬዎቹ አንዷ እንድትገባ የሌላዋን መውጣት አይጠብቁም። እኔ ብቻ ከበሩ ውጭ ወዲያ ወዲህ ስል ረፈደ።